በፌዶራ ላይ የተነገረ ቃል

ፕራግ፣ መስከረም 14 ቀን 1926 እ.ኤ.አ.

ለውድ እህቴ ለኡሊታ ዛሃሮቭና፣
ዛቦሪዬ መንደር፣ ፒኔጋ ወንዝ ዳር፤

ከሁሉ አስቀድሜ፣ እንደ አገራችን ልማድ፣ እስከ እርጥብ ምድር ዝቅ ብዬ እጅ እነሳሻለሁ። የእናቴን፣ የአክስትሽን የፌዶራንም ጉልበት እስማለሁ። እግዚአብሔር ለሁለታችሁም ጤናና ዕድሜ ይስጣችሁ፤ መረባችሁ ባዶ አይውጣ፤ ገብሳችሁን ውርጭ አይንካው።

በሕይወት አለሁ። ይህን ለመጻፍ ስድስት ዓመት ፈጀብኝ። በዚያ የካቲት፣ በእርስ በርስ ጦርነቱ ከተሸነፈው ከነጮቹ ጦር ጋር ከአርካንግልስክ በመርከብ ከወጣሁ ጀምሮ፣ ከእኔ የሚመጣ ደብዳቤ ለእናንተ አይበጅም ብዬ ዝም አልኩ። አሁን ግን ደብዳቤ እንደሚደርስ ከሰው ሰማሁ። እናቴ ሞቷል ብላ ሻማ ስታበራልኝ እንዳትኖርም ፈራሁ።

እዚህ በዩኒቨርሲቲው ቤተ መጻሕፍት ሥራ አለኝ። ከመጻሕፍቱ ጎን አንድ ክፍል ተከራይቻለሁ። አላገባሁም። ማታ ማታ ስለ ቃላት አመጣጥ መጽሐፍ እጽፋለሁ፤ አትሳቂብኝ። አለቃዬ የሆነው ሽማግሌ ፕሮፌሰር ባለፈው ወር አንድ ነገር ጠየቀኝ። «በእናንተ ቋንቋ መምህር ለተማሪው የሚሰጠው ትምህርት ‹ኡሮክ› ይባላል። በሰሜን ደግሞ ሕፃን ወይም ጥጃ በሰው ዓይን ተለክፎ ሲወድቅ ‹ኡሮክ ያዘው› ይላሉ። አንድ ቃል እንዴት ሁለቱንም ሆነ?» አለኝ። እናቴ ስንቴ ኡሮክ ይዞታል ብላ ውሃ የረጨችኝ ሰው ነኝና፣ እናቴን ልጠይቅልህ አልኩት።

እህቴ፣ እናቴ ማንበብ አትችልም፤ አንቺ ግን መምህርት ነሽ። አጠገቧ ቁጭ በይና ጠይቂልኝ። ኡሮክ ከየት ይመጣል? ማን ያመጣዋል? እንዴትስ ይመለሳል? የምትልሽን ሳታሳምሪ፣ እንደ አፏ ጻፊልኝ። ከዚህ ጋር መነጽር ልኬላታለሁ። ለዓይኗ ልክ እንደሆነ አላውቅም፤ በግምት ነው የገዛሁት።

ወንድምሽ ሳቫቲ

---

ዛቦሪዬ፣ ጥር 9 ቀን 1927 እ.ኤ.አ.

ለውድ ወንድሜ ለሳቫቲ፤

እስከ እርጥብ ምድር ዝቅ ብዬ እጅ እነሳለሁ። አክስቴ ፌዶራ የእናት ምርቃታቸውን ልከውልሃል፤ ከዛሬ ጀምሮ እስከ መቃብር የማይፈርስ ነው ብለዋል። ጎረቤትህ ስቴፓኒዳም ሰላም ብላሃለች። ድሮ የሰረቅህባትን የጀልባ መቅዘፊያ እንደማትረሳ ንገሪው ብላለች።

ደብዳቤህ በታኅሣሥ ነው የደረሰው። ሳነብላቸው አክስቴ መጀመሪያ አላመኑኝም። «ከራስሽ አውጥተሽ ነው፤ ልታጽናኚኝ ነው» አሉ። ወረቀቱን ተቀብለው አሸተቱት። «ትምባሆ ይሸታል። ልጄ ትምባሆ አይነካም» አሉና መልሰው ሰጡኝ። ትንሽ ቆይተው ግን እንደገና ተቀበሉኝ፣ እንደገና አሸተቱ፣ እንባቸው መጣ። «እንግዲያው ጀምሯል ማለት ነው። ንገሪው፣ ይተው» አሉኝ። ስለዚህ ተው ተብለሃል።

መነጽሩ ለመርፌ ክር ይሆናቸዋል፤ ለሩቅ አይሆንም። ቤተ ክርስቲያን ግን አድርገውት ይሄዳሉ፤ ሰው ይይልኝ ነው።

ስለ ቃሉ ስጠይቃቸው ሳቁ። «ስድስት ዓመት ጠፍቶ የፈለገው ቃል ነው? ቃልማ እኔም ለእሱ አለኝ፤ ይምጣና ይስማ» አሉ። ከሦስት ቀን በኋላ ግን መረብ ስንጠግን ራሳቸው ጀመሩት። እንዳልከኝ እንደ አፋቸው እጽፍልሃለሁ።

«ሰው ሁሉ ክፉ ዓይን ነው ይላል፤ ዓይን ምን ያደርጋል? ዓይን ያያል እንጂ አይናገርም። ኡሮክ የሚመጣው ከአፍ ነው። ስድብ አይደለም። ስድብ እየጮኸ ነው የሚመጣ፤ ትሰሚዋለሽ፣ በርሽን ትዘጊበታለሽ። ምስጋና ግን ጫማውን አውልቆ ነው የሚገባ። ያቺ ስቴፓኒዳ ‹እንዴት ያማረ ጥጃ ነው!› አለችኝ። ክፋት የላትም፤ ወዳው ነው ያለችው። ማታውን ጥጃዬ ተዘረረ።»

ሲመልሱት ደግሞ ውሃ ከወንዙ ይቀዳሉ፤ ሲሄዱም ሲመጡም ከሰው ጋር አይነጋገሩም። ውሃውን በበሩ እጀታ ላይ አፍስሰው ከታች ይቀበሉትና የታመመውን ያጥቡታል። ከንፈራቸው የሚለውን ግን አልነገሩኝም።

እኔ በዚህ እንደማላምን ታውቃለህ። ለልጆቹም በየዓመቱ ድግምት የሚባል ነገር የለም፣ ሕፃን የሚገድለው የቆሸሸ ውሃ ነው እላቸዋለሁ። ግን ሳልስቅ አላልፍም፤ በመስከረም አዲስ ለገቡት «ዛሬ የመጀመሪያውን ኡሮክ እሰጣችኋለሁ» ብዬ ስጀምር አንዷ ልጅ እሪ ብላ ቤቷ ሮጠች። እናቷ ውሃ ይዛ መጣችብኝ።

ከቻልክ እርሳስ ላክልኝ። ሃያ ሁለት ልጆች በሰባት እርሳስ ነው የሚጽፉት።

እህትህ ኡሊታ

---

ፕራግ፣ ሚያዝያ 20 ቀን 1927 እ.ኤ.አ.

ለውድ እህቴ ለኡሊታ፤

እስከ እርጥብ ምድር። እግዚአብሔር የጻፈችውን እጅሽን ይባርክ፤ የእናቴን አፍ ይጠብቅ።

ደብዳቤሽን ለፕሮፌሰሩ ተርጉሜ ሳነብለት ከወንበሩ ተነሣ። እናቴ ፊደል ሳትቆጥር ከሊቃውንቱ ቀድማ ደርሳበታለች! ኡሮክ ከዓይን ጋር አይገናኝም። ሥሩ «መናገር» ከሚለው የጥንት ቃል ነው። ነቢይን «ፕሮሮክ» የምንለው ከዚያው ሥር ነው፤ አስቀድሞ የሚናገር ማለት ነው። እንግዲህ ኡሮክ ማለት በአንድ ሰው ላይ የተነገረ፣ ተነግሮም የጸና ነገር ነው። መምህር ለተማሪ የሚናገረውም ያው ነው፤ በልጁ ላይ ተነግሮ የሚጸና። የተለያዩት በኋላ ነው።

ይህን ሁሉ በአንድ መጽሔት ላይ ልጽፈው ነው። የእናቴን ንግግር እንዳለ፣ ከነስሟና ከነመንደሯ አወጣዋለሁ። ስለ ጥጃውና ስለ ምስጋናው የተናገረችውን የሚያክል በመጽሐፍ አላነበብኩም። ሲታተም አንድ ቅጂ እልክላችኋለሁ፤ አንብቢላት። እርሳሱን በሌላ ፖስታ ልኬያለሁ፤ አርባ ነው።

አሁን የቀረኝ ከንፈሯ የሚለው ነው። ለምኚልኝ።

ሳቫቲ

---

ዛቦሪዬ፣ ጥቅምት 2 ቀን 1928 እ.ኤ.አ.

ለሳቫቲ፤

ደብዳቤዎችህ ደርሰውኛል። መጽሔቱም ደርሷል። ሳልመልስ የቆየሁት ሥራ በዝቶብኝ ነው።

እዚህ ሁሉም ደህና ነው። አክስቴ ዐርፈው ተቀምጠዋል። እኔ ማስተማር ትቻለሁ፤ እንጨት ቆረጣ ላይ ነኝ። ሥራው ጥሩ ነው።

ዕቃ አትላክ። እርሳስም አያስፈልግም። ስለ ቃላት አትጠይቀኝ። የመንደራችንን ስም በምንም ቦታ አትጻፍ።

ኡሊታ

---

ፕራግ፣ ታኅሣሥ 28 ቀን 1928 እ.ኤ.አ.

ለእህቴ ለኡሊታ፤

እስከ እርጥብ ምድር እጅ እነሳሻለሁ፤ አንቺ ባትነሺኝም። ለእናቴም መጪውን ልደት በሰላም ያድርግላት።

ዓመት ከመንፈቅ ጠብቄ የመጣልኝ ደብዳቤ የትእዛዝ ወረቀት ይመስላል። ምን በደልኩሽ? ማስተማርሽን ማን አስተወሽ? ስምንት ዓመት «ልጆቼ» ስትዪ የኖርሽው፣ እንጨት ቆረጣ ጥሩ ሥራ ነው ስትዪኝ እንዴት ልመንሽ?

ደግሞ አንድ ነገር እንቅልፍ ነሥቶኛል። እናቴ ዐርፋ ተቀምጣለች ብለሻል። እናቴ መቼ ዐርፋ ታውቃለች? ታማም ቢሆን መረብ ጭኗ ላይ አድርጋ ነው። በመጀመሪያው ደብዳቤሽ ትምባሆ ተው ብላኝ ነበር፤ ተውኩ። በዚህኛው አንድም ቃሏ የለም። ጽሑፌን ስታነቢላት ምን አለች? አልተደሰተችም? ተቆጥታ ከሆነም ቁጣዋን ጻፊልኝ። ከአፏ የወጣ አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ላኪልኝ፤ ሌላ አልጠይቅሽም።

ሳቫቲ

---

አርካንግልስክ፣ ሐምሌ 6 ቀን 1930 እ.ኤ.አ.

ወንድሜ ሳቫቲ፤

ይህን ደብዳቤ ከአገሩ በፖስታ የሚልክልህ የኖርዌይ መርከብ እሳት ቆስቋሽ ነው። አሁን የምሠራው ወደብ ዳር፣ እንጨት መሰንጠቂያ ውስጥ ነው፤ ሳንቃውን የሚወስዱት የውጭ መርከቦች ናቸው። ሰውየው ከቋንቋችን አንድ ቃል አይገባውም፤ ግን ፊቱ ደግ ነው። ከእሱ በቀር ማንም ስለማያየው ሁሉን እጽፍልሃለሁ። ከሰላምታው በፊት ይህን ስማ፤ ሰምተህ ሰላምታዬን ከፈለግህ ትወስደዋለህ።

አክስቴ ሞተዋል። የሞቱት በየካቲት 1928 ነው። «ዐርፈው ተቀምጠዋል» ብዬ ስጽፍልህ ስምንት ወራቸው ነበር።

በዚያ የካቲት ኮፒሎቭ የሚባል ሰው ከወረዳ መጣና መንደሩን በሙሉ ወደ ትምህርት ቤቱ ሰበሰበ። ልጆቹም ነበሩ። አክስቴን ፊት ለፊት፣ በትንንሾቹ ልጆች አግዳሚ ወንበር ላይ አስቀመጧቸው፤ ጉልበታቸው እስከ ደረታቸው ደርሶ ነበር። ሰውየው የአንተን መጽሔት፣ ሌላ ቅጂ፣ ይዟል። ከአገር ከሸሹ ጠላቶች ጋር የምትጻጻፍ ጠንቋይ በመካከላችሁ አለች አለ። ሊያሳፍራቸው ብሎ ጮክ ብሎ ያነብ ጀመር። እኔ መጽሔቱን ለአክስቴ አላነበብኩላቸውም ነበር፤ በመጣ ቀን ፈርቼ ከጣሪያው ሥር ደበቅኩት። ስለዚህ የጻፍከውን የሰሙት ያኔ ነው። «እናቴ ፌዶራ በፒኔጋ ዳር ካሉ ሰዎች ሁሉ ይልቅ የቃልን ኃይል ታውቃለች» የሚለውን ሲያነብ ራሳቸውን ቀና አደረጉ።

ሲጨርስ፣ «ደግመህ አንብብልኝ፣ ልጄ» አሉት።

ከኋላ አንድ ሰው ሳቀ። ኮፒሎቭ ቀላ። ለምን እንደሆነ እንጃ፣ ደግሞ አነበበው፤ በሁለተኛው ድምፁ ዝግ ያለ ነበር። እሳቸው እጃቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው እስከ መጨረሻው ሰሙ። ሳቫቲ፣ ያን ዕለት ደስ ብሏቸው ነበር። ይህን አልዋሽህም።

ከዚያ ማን ጻፈላት ተባለ። በመንደሩ እስክሪብቶ ይዘው የሚጽፉ ካህኑና እኔ ነን፤ ካህኑ ከታሰሩ ከርመዋል። ሁሉም ሰው ወደ እኔ ዞረ። አክስቴ ከአግዳሚው ለመነሣት ሦስቴ ሞከሩ፤ ተነሡ።

«እኔ ነኝ ያስጻፍኳት። ደግሜባት ነው። ውሃ አጠጥቼ እጇን አሰርኩት፤ ምን እንደጻፈች አታውቅም» አሉ።

በሕይወታቸው በሰው ላይ ክፉ ደግመው አያውቁም። ይህን እኔም አውቃለሁ፣ ስቴፓኒዳም ታውቃለች፣ አዳራሹ ሁሉ ያውቃል። ኮፒሎቭ ግን ወደ እኔ መጣና፣ «መምህርት፣ እውነት ነው?» አለኝ።

ስምንት ዓመት ድግምት የሚባል ነገር የለም ስል የኖርኩባት ክፍል ናት። ሃያ ሁለቱም ልጆች ያዩኛል። አክስቴም ያዩኛል፤ ዓይናቸው በይ በይ ይለኛል።

«እውነት ነው። ደግመውብኝ ነበር» አልኩ።

በወረቀት ጻፈው፤ ፈረምኩ። ፊርማዬ ቆንጆ ነበር። ከዚያ ወዲያ ከልጆቹ አንዳቸውም ቀና ብለው አላዩኝም።

በበረዶ ጋሪው ሲያወጧቸው እኔ ከበሩ አራት እርምጃ ላይ ነበርኩ። አልወጣሁም። በመስኮቱ ነው ያየሁት። ሌሎች ሴቶች ወጥተው ተሳልመዋቸዋል፤ ስቴፓኒዳ ዳቦ አስይዛቸዋለች። እኔ ቆምኩ። እግሬ እምቢ አለኝ ብል ውሸት ነው። እግሬ ደህና ነበር፤ የፈራሁት እኔ ነኝ። ጋሪው በወንዙ ማጠፊያ እስኪሰወር ወደ ኋላ አላዩም። በሦስተኛው ቀን፣ ከተማ ሳይደርሱ፣ በመንገድ ማረፊያ ቤት ሞቱ። ጋሪ ነጂው ነው የነገረን። የት እንደተቀበሩ አያውቅም።

እኔም አልዳንኩም፣ ሌላ ምን አተረፍኩ። «በድግምት የምታምን ሴት የሶቪየት ልጆችን አታስተምርም» ተብዬ በመጋቢት ተባረርኩ። የፈረምኩትን ወረቀት ነው ያነበቡልኝ። እውነቱን ልናገር ብል ደብዳቤውን የጻፍኩት አውቄ ነው ማለት ነው።

ለምን አልነገርሽኝም ትለኛለህ። ሞቱ ብዬ ብጽፍ እንዴት ብለህ ትጠይቀኛለህ። እንዴት ካልከኝ ያን «እውነት ነው» ያልኩትን መጻፍ ይመጣል። ስለዚህ በደብዳቤ ላይ ሁለት ዓመት ከመንፈቅ አኖርኳቸው።

ስለ ቃሉ አትጠይቀኝ ብዬህ ነበር፤ አሁን ግን ራሴ አንድ ልጨምርልህ። እዚህ መሰንጠቂያው ውስጥ በየጠዋቱ የቀን ሥራችንን ልክ አንድ ሰው ከሰገነት ላይ ሆኖ ይናገራል፤ ይህን ያህል ሳንቃ ይላል። እሱም ኡሮክ ነው የሚባለው። እስኪሞላ ማንም አይሄድም። ፕሮፌሰርህ ልክ ነው፤ የተነገረ፣ ተነግሮም የጸና ነው።

በእኔና በአንተ መካከል ማን እንደገደላቸው ብዙ አስቤያለሁ። አንተ አሞገስካቸው፤ እኔ ፈረምኩባቸው። አንተ አታውቅም ነበር።

ኡሊታ

---

ፕራግ፣ ነሐሴ 19 ቀን 1930 እ.ኤ.አ.

ኡሊታ፤

እንደ ልማዳችን ዝቅ ብዬ ልጀምር ብዬ ወረቀቱ ላይ ብዙ ቆየሁ፤ አልሆነልኝም። ያለ ሰላምታ እጽፋለሁ።

ዐሥራ አንድ ቀን አንቺን ስረግም ጻፍኩ፤ እየቀደድኩ ጣልኩ። በዐሥራ ሁለተኛው ቀን መጽሔቱን አውጥቼ የራሴን ጽሑፍ አነበብኩ። «አንዲት የሰሜን ሴት» ብዬ መተው እችል ነበር፤ ለቃሉ ትርጉም የሚጎድል ነገር አልነበረም። ፕሮፌሰሩም ስም ጻፍ አላለኝም። እኔ ነኝ የፈለግኩት። በዓለም ላይ አንድ ቦታ የእናቴ ስም ታትሞ ይኑር ብዬ ነው። ሲታተም ገጹን ቀድጄ በልብስ ኪሴ ይዤ ዞርኩ፤ ለዳቦ ሻጯ ሳይቀር አሳየሁ።

መጽሐፉን ትቼዋለሁ። የሰበሰብኳቸውን ወረቀቶች ለፕሮፌሰሩ መለስኩ። ታመሃል ወይ አለኝ፤ አዎ አልኩት።

ይቅር ብዬሻለሁ ልልሽ ይገባኛል፤ አልችልም። ይቅር በዪኝ ልልሽም ይገባኛል፤ ያንንም አልችልም። ግን በዚህ ምድር እሷን የሚያውቅ ሰው ካንቺ ሌላ የለኝም፤ ስለዚህ አንድ ነገር እጠይቅሻለሁ። ስለ ቃል አይደለም።

በዚያ ቀን እግሯ ላይ ምን ነበር? እናቴ ከእጇ ይልቅ እግሯ ነው ብርድ የማይችለው። በመስከረም፣ ሰው ሁሉ በባዶ እግሩ ሲሄድ፣ እሷ የሱፍ ቦት ጫማዋን ታወጣ ነበር፤ እኛም እንስቅባት ነበር። ሦስት ቀን በጋሪ ላይ፣ በየካቲት። ሌት ተቀን የማየው እግሯን ብቻ ነው። መርከበኛው በመስከረም መጨረሻ ወደ እናንተ እመለሳለሁ ብሎ ጽፎልኛል። ያየሽውን ጻፊልኝ።

ሳቫቲ

---

አርካንግልስክ፣ ጥቅምት 11 ቀን 1930 እ.ኤ.አ.

ወንድሜ ሳቫቲ፤

ባሕሩ በረዶ ሊሆን ነው፤ የመጨረሻዋ መርከብ ነገ ትወጣለች። መርከበኛው ደጅ ቆሞ ይጠብቀኛል፤ አላረዝምም። ከዚህ በኋላ አትጻፍልኝ።

የሱፍ ቦት ጫማ አድርገው ነበር። የእኔን፣ አዲሱን፣ እስከ ጉልበት የሚደርሰውን። ጋሪው አጠገብ በረዶው ላይ ተንበርክኬ እኔ ራሴ ነኝ ያደረግኩላቸው። ውስጡን በደረቅ ሣር ሞልቼዋለሁ። «ሞቀኝ» አሉኝ፤ ግንባሬን ሳሙኝ፤ ለአንተም ሰላም በይው አሉኝ።

እንግዲህ ተኛ።

ኡሊታ